እናቲቱን መልሰን የቀበርንበት መስክ

ባለፈው ነሐሴ ማብቂያ ላይ አንዲት ልጅ እስከ ጉልበቷ ጭቃ የለበሰ ቦቲ ተጫምታ ግቢያችን ገባች። ጃንጥላዋን ደጅ አራግፋ፣ "እማማ፣ እንዴት ዋሉ? ከዩኒቨርሲቲ ነው የመጣሁት፤ የድሮ ሰው እየፈለግሁ ነው" አለችኝ። የድሮ ዕቃ እንደሚገዙት ሰዎች መስላኝ ልስቅ ምንም አልቀረኝም። ስልኳን አውጥታ ዝናቡን በሹራቧ እጅጌ ጠረገችና ወደ ዓይኔ አስጠግታ፣ "ይህን አበባ ያውቁታል?" አለች። መነጽሬን አልፈለግሁም። ነጭ አበባ ነው። ሁለት ሰፋፊ ቅጠሎች መሬት ላይ ተዘርግተው ተኝተዋል፤ ከመካከላቸው አንድ ዘንግ ወጥቷል፤ ዘንጉ ላይ ጥቃቅን አበቦች፣ የእያንዳንዱ ከንፈር እንደ ነጠላ ዘርፍ የተሰነጣጠቀ፣ ከኋላው ደግሞ ቀጭን ረጅም ጅራት የተንጠለጠለበት። "አላውቀውም ልጄ" አልኳት። አመስግናኝ ወጣች።

ልጄ ምትኬ ጓዳ ሆና ትሰማ ኖሯል። "እማዬ፣ ምነው? መንትዬ አይደል እንዴ? በእሱ ሥር አይደል ያሳደግሽኝ?" ብላ እየሮጠች ልጅቷን ከጎረቤት በር መለሰቻት። ምትኬ ዛሬ ራሷ አያት ናት፤ ሩጫዋ ግን የልጅ ነው። ልጅቷ ተመልሳ መደቡ ላይ ስትቀመጥ፣ "ረስቼው ነው፤ እርጅና ነው" አልኩ። አልረሳሁትም። ሌላ ብዙ ነገር ረስቻለሁ። ትናንት የት እንዳስቀመጥኩት የማላውቀው ቁልፍ አለ። ያንን አበባ ግን ዓይኔን ጨፍኜ ከነጠረኑ አየዋለሁ፤ ፀሐይ ስታዘቀዝቅ ብቻ የሚሸት፣ ማር ይሁን እርጥብ ገለባ የማይለይ ጠረን ነበረው።

ዛሬ እንጅባራ የሚሉትን ከተማ እኛ ቆሰበር ነው የምንለው፤ እኔ እስካሁን ቆሰበር እላለሁ። ያኔ ቆሰበር ማለት የአንድ መንገድ ግራና ቀኝ ነበር። ከዳንግላ የሚመጣ ጭነት መኪና ጠጠሩን እያንኳኳ ሲገባ የሰማ ሁሉ ሥራውን ጥሎ ይወጣል። ቆርቆሮ የለበሱት ቤቶች በጣት ይቆጠራሉ፤ የቀረው ሣር ክዳን ነው፤ በክረምት ጭሱ ወደ ላይ መውጣት ያቅተውና መንገዱ ላይ ይተኛል። አረቡ ሱቅ አቡጀዲ በክንድ ይለካል፤ ባለሱቁ አጭር ክንድ ያለውን ልጁን ለመለካት ሲያስቀርብ ሴቱ ሁሉ ይጮህበታል፣ እሱም እየሳቀ ራሱ ይለካል። ላምባ በጠርሙስ፣ ጨው በጣሳ፣ መርፌ በነጠላ ነበር የሚሸጠው። በስሙኒ ገበያ ወጥቶ አንድ ዘንቢል ድንች ተሸክሞ መመለስ ይቻል ነበር፤ ዛሬ የልጅ ልጄ በአንድ ቀን ስልኳ ላይ የምትሞላው ካርድ ያኔ ጥጃ ይገዛል። ክረምት ሲገባ የምንደርበው ገሳ ነው፤ ከሣር የተጠለፈ፣ ጀርባ ላይ እንደ ጎጆ የሚከደን። ገሳ ደርበው ሴቶች በመስመር ሲሄዱ ሩቅ ላለ ሰው ትናንሽ ቤቶች ተነሥተው የሚጓዙ ይመስላሉ። ሰዎች ያ ጊዜ ደግ ነበር ይላሉ። እኔም አንዳንዴ እላለሁ። ከዚያ አፌን እይዛለሁ።

የተወለድኩትም፣ አፌን በአዊኛ የፈታሁትም ግምጃ ቤት ከተማ አካባቢ ነው። አባቴ ዳንግላ ካለች አክስቴ ዘንድ አስቀምጦኝ ሦስት ክፍል ተማርኩ፤ አራተኛን ሳልጀምር ቆሰበር ተዳርኩ። በባሌ ቤት አዊኛ ነው የሚነገረው፤ አማቴ ከአማርኛ የምታውቀው ሰላምታና የጨው ዋጋ ብቻ ነበር። ስለዚህ ደብዳቤ ሲመጣ፣ እንግዳ ሲመጣ፣ ከመሥሪያ ቤት ሰው ሲመጣ፣ "አለምነሽን ጥሯት" ይባላል። አፍ ለሌለው አፍ መሆን ለአንዲት ሙሽራ ትልቅ ክብር ነበር። በዚህ ክብር ያደረግሁትን ነው የምጽፈው።

ከሰፈራችን በታች ሰፊ መስክ ነበር። ከሰኔ ጀምሮ ይከለላል፤ የመስቀል ማግስት እስኪፈታ ድረስ ከብት አይገባበትም፣ ሰው አያቋርጠውም፤ ጠባቂ ሽማግሌ በጎን በጎኑ ጎጆ ቀልሶ ይከርማል። ሲፈታ አስቀድሞ የሚገባው ፈረስ ነው። ፈረሶቹ በቀይና በቢጫ ክር ያጌጠ ልጓም አድርገው በአንድ ጊዜ ሲለቀቁ መሬቱ ሲርድ እግር ሥር ይሰማል፤ ልጃገረዶች የየፈረሱን ስም እየጠሩ ይዘፍናሉ፣ ፈረሱ የማንን ወንድም እንደሚሸከም እያነሡ። ዛሬ የመስኩ ግማሽ ለከሰል የሚሆን ዲከረንስ የሚሉት ዛፍ ተተክሎበታል፤ የቀረው ተሸንሽኖ ቤት ተሠርቶበታል። ጎረቤታችን አዲስ ቅዳም ከተማም ቢኬድ ያው ነው፤ ዓይን የሚያርፍበት ሜዳ የለም፣ ዛፍና የከሰል ጭስ ብቻ። ያኔ ግን መስኩ በተከለለበት ጊዜ፣ ማንም ሳይረግጠው፣ ከነሐሴ አጋማሽ እስከ ጳጉሜ መንትዬ ያብባል። ከላይ ከሰፈር ሆኖ ለሚያየው ሰው ሁሉ ሸማውን አጥቦ ሣር ላይ ያሰጣ ይመስል ነበር። በአዊኛ ሌላ ስም አለው፤ በአማርኛ ፊደል ስጽፈው ስለሚበላሽብኝ ትቼዋለሁ። መንትዬ የተባለው ከሥሩ ሁለት እንቁላል የሚያካክሉ ትናንሽ ድንች መሳይ ነገሮች ስላሉት ነው። አንዷ ወፍራም፣ ደንደን ያለች፣ ቆዳዋ የሚያብረቀርቅ ናት። ሌላዋ የተጨማደደች፣ ሲይዟት እንደ ባዶ ከረጢት የምትለሰልስ ናት።

የመጀመሪያ ልጄ ዓመት ሳይሞላው ሞተ። ቀጥሎ ምትኬ ስትወለድ እኔ ሰው መሆኔ ቀረ፤ ጆሮና መዳፍ ብቻ ሆንኩ። ስትተኛ አፍንጫዋ ሥር መዳፌን አደርጋለሁ። ውሃዋን ሁለት ጊዜ አፈላለሁ፣ ማንኪያዋን ሌላ ሰው አያጥበውም፣ ንፋስ ከየት በኩል እንደሚገባ አውቄ አልጋዋን በቀን ሦስት ጊዜ አዞራለሁ። አማቴ፣ "ልጅቷ ሳይሆን አንቺ ነሽ የታመምሽው" ትለኝ ነበር። ምትኬ ግን በእርግጥ አታድግም። በዓመት ከስድስት ወሯ አንገቷ አልጸናም፤ የበላችው አይሰነብትም፤ እግሯ የዶሮ እግር ነበር። ያኔ ነው አማቴ የመንትዬን መድኃኒትነት የነገረችኝ።

ሕጉ እንዲህ ነው። ወደ ተከለለው መስክ መግባት የሚፈቀደው ልጅ ቀብራ ሌላ ልጅ በእጇ ላለ እናት ብቻ ነው። ጊዜው ከሩፋኤል ማግስት ጧት ነው፤ ለአንዲት እናት በዓመት አንድ ሥር ብቻ። ብረት አይነካውም፤ በወይራ እንጨት ነው የሚቆፈረው። ወፍራሟ ልጅ ናት፣ የተጨማደደችው እናት። ልጅቱን ትወስጃለሽ፣ እናቲቱን ወደ ጉድጓዷ መልሰሽ አፈር ታለብሻታለሽ፤ መዳፍሽን ላይዋ አድርገሽ በአዊኛ፣ "ልጅሽን ለልጄ ወሰድኩ፤ አንቺ ሌላ ትወልጃለሽ" ትያለሽ። ወፍራሟ ተልጣ፣ ደርቃ፣ ተፈጭታ በወተት ትፈላለች፤ ወተቱን እንደ ሙጫ ታወፍረዋለች። ለምትኬ በጣቴ አላስኳት። ወር ሳይሞላ ጉንጯ ላይ ሥጋ ታየ። ሥሩ ይሁን ወተቱ፣ ወይስ ጊዜው ደርሶ፣ ዛሬም አላውቅም። ያኔ ግን ምንም ጥርጣሬ አልነበረኝም፤ ያቺን የተጨማደደች እናት እንዴት አድርጌ እንደቀበርኳት! አፈሩን በጣቴ አልሜ፣ ጠጠሩን ለቅሜ፣ እንደ ሰው ነው ያለበስኳት።

በሚቀጥለው ዓመት የሺ መጣች። ባሏ ልብስ ሰፊ ነው፤ ከሞጣ በኩል የስፌት መኪናውን በበቅሎ ጭኖ መጥቶ አረቡ ሱቅ በረንዳ ላይ ዘረጋ። የሺ አዊኛ አንዲት ቃል አታውቅም። አፏ ግን ሹል ነው፤ ሳቋ ከመንገድ ማዶ ይሰማል፤ ባሏ ከተረፈው ጨርቅ ሁሉ የሰፋላት ቀሚስ ጠርዙ አንድ ቀለም አልነበረውም፣ ሴቶቹ ሲያሙባት "ቀለም የጎደለበት ሰው ይቅናብኝ" ትላለች። እሷም በመንገድ ላይ አንድ ልጅ ቀብራ ነበር። በጀርባዋ ያለው ወንድ ልጅ ደግሞ የምትኬ ወንድም ይመስል ነበር፤ ያው አንገት፣ ያው እግር። የመንትዬን ነገር የነገርኳት እኔ ነኝ፤ አማቴን ለምኜ፣ አማቴም ሽማግሌውን ለምና ከሩፋኤል ማግስት ሦስታችን ወረድን። እንግዳ ስለሆነች ግን ያገሩ ሴቶች ከሚቆፍሩበት ከደረቁ በኩል አላስገቧትም። ታች መስኩ ግርጌ ካለው ምንጭ አጠገብ፣ እግር የሚውጠው ቦታ ተሰጣት።

አማቴ ከላይ ቆማ ጀርባዋን አዙራ ጸሎት ታደርሳለች። የሺ ቆፈረች። ሁለቱን ሥሮች በሁለት እጇ ይዛ በአውራ ጣቷ ጫን ጫን አደረገቻቸው።

"እናት የቷ ናት አልሽኝ?"

"የተጨማደደችው።"

"እሷን ነው መልሼ የምቀብራት?"

"አዎ። ቶሎ በይ፣ ቃሉን እኔ እየነገርኩሽ ትያለሽ።"

"ኧረ አለም፣ ይህቺ ምን ትወልዳለች? ምጥ ላይ እንደከረምኩ እኔን እኮ ነው የምትመስለው!" ብላ ሳቀች። ከዚያ ሳቋን አቆመችና ወፍራሟን ወደ ጉድጓዱ መልሳ አፈር አለበሰቻት። የተጨማደደችውን በመቀነቷ ጫፍ ቋጠረች።

"ምን አደረግሽ አንቺ? ሕጉ እኮ..."

"ይህቺ ሥራዋን ጨርሳለች። መሬቱ የጨረሰውን ነው የምወስደው። ያቺ ገና ናት፤ ገና የሚያድገውን ነጥቄ ልጄን ባሳድግበት ይከተለኛል። እባክሽ አትንገሪብኝ።"

አልነገርኩም። እንዲያውም ደስ አለኝ፤ እውነቱን ልናገርና፣ የእሷ ሕግ ማፍረስ እኔን የበለጠ ጠንቃቃ እናት አደረገኝ። በሚቀጥለውም ዓመት እንዲሁ አደረገች፣ እዚያው ምንጩ አጠገብ። ልጇ ከዚያች ከተጨማደደች ሥር ብዙም አላገኘም መሰለኝ፤ ግን ቆሞ መሄድ ጀመረ፤ በባሏ መኪና ሥር እየዞረ የወደቀ ክር ይለቅም ነበር።

ከዚያ ኩፍኝ የገባበት ዓመት መጣ። ስንት ቤት አልቅሰን፣ ስንት ቤት ተለቅሶ። ከዚያ ወዲያ ልጅ ያልቀበረች እናት ጥቂት ናት፤ ስለዚህ ከሩፋኤል ማግስት ወደ መስክ የሚወርደው ሴት እንደ ገበያ ሆነ። ሁሉም በሕጉ ነው ያደረገው። አንድ አንድ ሥር፤ በወይራ እንጨት፤ እናቲቱ በክብር ተመልሳ፣ ቃሉ ተብሎ። በዓመቱ ነሐሴ ደረሰ፣ መስኩ አልነጣም። እዚህም እዚያም አንድ ሁለት ዘንግ። በሁለተኛው ዓመት የደረቁ በኩል ጭራሽ ባዶ ሆነ። መንትዬ የቀረው ታች ምንጩ አጠገብ ብቻ ነበር፤ እዚያ እንዳለ ነው፣ እንዲያውም በዝቷል። ሰው ይህን አይቶ ምን አለ መሰላችሁ? "ያቺ እንግዳ ሴት አንድ ነገር አድርጋ አበባውን ወደ ራሷ ጠራችው" አለ። እኔም አይቻለሁ፤ ዓይን ነበረኝ። ያየሁትን ግን እንደ ሰው አልኩት።

ሽማግሌዎቹ በመስኩ ዳር ዋርካ ሥር ተቀመጡ። የሺን አስጠሯት፤ ልጇን አዝላ መጣች። ያን ጊዜ ልጇ ትኩሳት ይዞት ነበር። ምትኬም በዚያው ሳምንት ማሳል ጀምራለች፤ ምንጩ አጠገብ ያሉትን ዘንጎች ከሩቅ ቆጥሬያቸዋለሁ፣ ለቀሩት እናቶች እንደማይበቁ አውቃለሁ። ይህን የምጽፈው እንዲታዘንልኝ አይደለም።

አንዱ ሽማግሌ፣ "አንቺ ልጅ፣ ወደ መስክ ያስገባሻት አንቺ ነሽ። ሕጉን ስትጥስ አይተሻል?" አሉኝ።

"አይቻለሁ" አልኩ። ወፍራሟን መልሳ የተጨማደደችውን እንደወሰደች ነገርኳቸው። የዋሸሁት የለም።

ጉምጉምታ ሆነ። "በይ ለእሷም በአማርኛ ንገሪያት፤ የምትለው ካላት ትበል" አሉ። የተናገርኩባትን ራሴ ዞሬ ነገርኳት። የሺ ፊቴን ትንሽ አየችኝ። ከዚያ እኔን ትታ ሽማግሌዎቹን እያየች ተናገረች። ረጅም ተናገረች። የተጨማደደችው አልቃለች፤ የዘንድሮን አበባ የመገበች እሷ ናት፤ ለከርሞ የምትበቅለው ወፍራሟ ናት፤ እኔ እሷን ስለመለስኩ ነው በእኔ በኩል ያለው ያልጠፋ፤ ካላመናችሁኝ አንዱን አሁን ቆፍራችሁ እዩት፣ እንደገና ቅበሩት፣ ለዓመት ኑና እዩ፤ ባገራችሁ ክፉ አላደረግሁም፤ ልጄ ታሟል፤ አንድ ብቻ ስጡኝ። እጇን እያወናጨፈች፣ አፈሩን እየነካች ነው የተናገረችው። ሁሉም ወደ እኔ ዞሩ።

"ምን ትላለች?"

"አላወቅሁም ነው የምትለው" አልኩ በአዊኛ።

ሽማግሌው ቅንድባቸውን አነሡ። "ይሄን ሁሉ ተናግራ ይህቺን ብቻ?"

"እያለቀሰች ስለሆነ ነው" አልኳቸው።

ለምን? ሌላ ቀን ሌላ ምክንያት እሰጣለሁ። ሰው ፊት የአማቴን ሕግ ማፍረስ ፈርቼ ነው እላለሁ። ወጣት ነበርኩ እላለሁ። የሺ የተናገረችው ግን ከአፏ እንደወጣ እውነት መሆኑ ገብቶኝ ነበር፤ ጉድጓድ ውስጥ በክብር የቀበርኳቸው እናቶች ሁሉ በዚያች ደቂቃ ፊቴ ላይ ተደረደሩ። ካመኗት መስኩ ለእሷ ይፈቀዳል፤ ለእሷ ከተፈቀደ ለምትኬ ላይደርስ ይችላል። ያሰብኩት ይህን ነው። ሽማግሌዎቹ ወደ መስኩ ዳግመኛ እንዳትገባ ወሰኑ። ይህንንም የነገርኳት እኔ ነኝ፤ ይህን ሳላጎድል ነበር የነገርኳት።

ከሁለት ቀን በኋላ ቤቴ መጣች። ዝናብ ይጥላል፤ ገሳ አልደረበችም። ልጇ በደረቷ ላይ ነጠላ ተሸፍኖ ተኝቷል።

"አለም፣ አንቺ ይፈቀድልሻል። አንዲት አምጪልኝ። የፈለግሽውን ቅበሪ፣ የፈለግሽውን ስጪኝ።"

"የሺዬ፣ ቢያዩኝ እኔንም ይከለክሉኛል። ምትኬ..."

"ምትኬ እኮ እየሮጠች ነው። ከደጅ አየኋት።"

"ትስላለች።"

እኔ እሳት አጠገብ እንድትቀመጥ እንኳ አልጋበዝኳትም፤ ትኩሳቱ ለምትኬ ይተርፋል ብዬ ፈርቼ በር ላይ ነው ያቆምኳት። ዞራ ሄደች። ከሩፋኤል ማግስት እኔ ወረድኩ፤ ምንጩ አጠገብ፣ የሺ ካለበሰችው አፈር ላይ የበቀለውን መንትዬ ቆፈርኩ። ወፍራሟን ወሰድኩ። የተጨማደደችውን፣ ማለቋን እያወቅሁ፣ ሽማግሌው ያዩኛልና መልሼ ቀበርኩ፣ ቃሉንም አልኩ።

የየሺ ልጅ መስቀል ሳይደርስ ሞተ። ለለቅሶ ሄድኩ፤ ከሴቶቹ ኋላ ተቀመጥኩ። በኅዳር ባሏ የስፌት መኪናውን ጠቅልሎ በጭነት መኪና ወደ ዳንግላ ሄዱ። ጭነት መኪናው ላይ ሆና ጠርዙ ቀለሙ የተለያየ ቀሚሷን ሰብስባ ስትቀመጥ አረቡ ሱቅ ጥግ ቆሜ አይቻታለሁ። ሰላም አልተባባልንም።

ይህን ሁሉ ለዩኒቨርሲቲዋ ልጅ አልነገርኳትም። ሥሩን ብቻ ነው የነገርኳት፤ ልጅና እናት የምንላቸውን፣ እንዴት እንደምንቀብር። ደብተሯን አውጥታ ሣለችልኝ። "እማማ፣ ይህቺ የተጨማደደችው የዘንድሮን አበባ ያበላችው ናት፤ አልቃለች። ወፍራሟ ናት ለሚመጣው ዓመት የምትበቅለው። እና እሷን ወስዶ ይህቺን መቅበር ማለት..." ብላ ፊቴን አይታ አቆመች።

"ሬሳ መቅበር ነው" አልኳት።

ምትኬ ከጓዳ፣ "እና እኔ የዳንኩት በመስኩ ሞት ነዋ!" ብላ ቀለደች። ልጅቷም ሳቀች። በማግስቱ በባጃጅ ወስዳ አሳየችኝ። ምንጩ ዛሬም አለ፤ በአንድ ሰው የዲከረንስ አጥር ተከቦ የቀረ፣ ከአንድ ቤት ወለል የማይሰፋ እርጥብ መሬት። ሰባት ዘንግ ቆሟል። ልጅቷ በዚህ አገር ሌላ ቦታ እንዳላገኘችው፣ ለምን እዚህ ብቻ እንደተረፈ እንደማታውቅ ነገረችኝ። ለባለመሬቱ እንዳይቆርጠው ለመንገር ኔትወርክ ፍለጋ ወደ መንገዱ ወጣች። እኔ ብቻዬን ቀረሁ፤ ተጠግቼ ላሸተው አልደፈርኩም።

የሺ ዳንግላ እንዳለች ሁልጊዜ አውቅ ነበር። አክስቴ ስትሞት፣ ለሠርግ፣ ለሕክምና፣ ስንት ጊዜ ዳንግላ ሄጃለሁ፤ በየሺ ሰፈር ሳልፍ ነጠላዬን እስከ ዓይኔ እስባለሁ። በዚያው ሳምንት ሚኒባስ ተሳፍሬ ሄድኩ። ምትኬ ልከተልሽ ብትል ከለከልኳት። የሺ በረንዳዋ ላይ ተቀምጣ ምስር ትለቅማለች። ጎብጣለች፤ ዓይኗ ግን ያው ነው። ከበር ገና ስታየኝ፣ "አለምነሽ፣ ግቢ እንጂ፤ እዚያ በር ላይ አትቁሚ" አለችኝ።

ገባሁ። ስለ ልጅቷ፣ ስለ ሥዕሉ፣ ስለ ሰባቱ ዘንጎች ነገርኳት። "አንቺ ነበርሽ ልክ" አልኳት። ምስሯን ትለቅማለች።

"ይህን ልትነግሪኝ ነው የመጣሽ?"

"ሌላም አለ። ያን ቀን ዋርካው ሥር፣ ያልሽውን ሁሉ..."

"አልነገርሻቸውም።"

"ማን ነገረሽ?"

"አንቺ ነሻ። በአዊኛ ያልሻትን ቃል ድምፅዋን ይዤ ነበር የሄድኩት። ልጄን ስቀብርም በጆሮዬ ነበረች። ዳንግላ ገብቼ ቋንቋውን ስማር፣ አንድ ቀን ጎረቤቴ ያቺን ቃል ተናገረች፤ ምን ማለት ነው ብዬ ጠየቅኋት። አላወቅሁም ማለት ነው አለችኝ።" ከምስሩ አንድ ጠጠር አንሥታ ጣለች። "ለእኔ ሰው እንዲናገርልኝ እንዳልፈልግ ብዬ ነው የተማርኩት። አሁን ሕልሜም በአዊኛ ሆኗል።"

መሬት ወርጄ እግሯን ልይዝ ስል በእጇ ትከሻዬን ገፍታ አስቀመጠችኝ። ጠንካራ እጅ ነው።

"ተቀመጪ። ተቀመጪና ስሚ" አለች። ሰፌዱን መሬት አደረገችው። ቀና ብላ ከእኔ ራስ በላይ፣ ግድግዳውን እያየች፣ በአዊኛ ጀመረች። የተጨማደደችው አልቃለች አለች። የዘንድሮን አበባ የመገበች እሷ ናት፤ ለከርሞ የምትበቅለው ወፍራሟ ናት። ካላመናችሁኝ አንዱን ቆፍራችሁ እዩ፣ መልሳችሁ ቅበሩ፣ ለዓመት ኑ። ባገራችሁ ክፉ አላደረግሁም። ልጄ ታሟል። አንድ ብቻ ስጡኝ። አንዲት ቃል አልዘለለችም፤ የግምጃ ቤት ሰው እንደሚናገረው አድርጋ ነው የተናገረችው፣ ከእኔ አስተካክላ። ስትጨርስ ወደ እኔ ዞረች።

"ስህተት አለበት?"

"የለበትም" አልኳት።

ራሷን ነቀነቀችና ሰፌዱን ወደ ጭኗ መልሳ መልቀሟን ቀጠለች።